ዶሮ በድንገት ሲያልቅ ምን ማድረግ ይገባል?
(ለገራዶ ገበሬዎችና ለልማት ሠራተኞች የተደረገ ንግግር)



ዶሮን ትንሽ ሀብት ናት ብሎ የሚንቅ አለ። ነገር ግን ጨውና ዘይቱ፣ ቡናውና የልጅ ደብተሩ በምን እንደሚገዛ እናቶች ያውቁታል። ስለዚህ ዶሮ በአንድ ሌሊት ሲያልቅ የእናት እጅ ባዶ ይቀራል። የታመመችውን ፈጥኖ ማረድ፣ ወይም ሳትሞት ደሴ ገበያ ማድረስ የሚመጣው ከዚህ ጭንቅ ነው። ዛሬ የምለምናችሁ ይህን እንድትተዉ ነው፤ ምክንያቱንም እነሆ እነግራችኋለሁ።

ሁላችሁም ፈንግልን ታውቃላችሁ። በክረምት መግቢያ ይመጣል፤ ዶሮዋ ታንቀላፋለች፣ አረንጓዴ ያስቀምጣታል፣ አንገቷ ይጣመማል፣ ትሞታለች። የወፍ ጉንፋን የሚባለው በሽታም እንዲሁ በድንገት ይፈጃል፤ ራስ ያብጣል፣ ኩክኒ ይጠቁራል። ሁለቱን በዓይን አይቶ መለየት አይቻልም። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። ፈንግል ሰውን ቢነካ ዓይን ከማቅላት እምብዛም አያልፍም። የወፍ ጉንፋን ግን ሰው ይገድላል። በ1997 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በሆንግ ኮንግ 18 ሰዎችን ይዞ 6ቱን ገደለ። ከ1 ሚሊዮን በላይ ዶሮ ታርዶ ከተወገደ በኋላ በሽታው በዚያ ቆመ።

ይህ ቫይረስ የወፍ እንጂ የሰው አይደለም፤ ወደ ሰው የሚገባው በጭንቅ ነው። በር የሚከፍትለት የታመመ ዶሮ የሚያርድ፣ የሚነጭና ኩሱን በእጁ የሚጠርግ ሰው ነው። ያ ሰው በዚያው ጊዜ የሰው ጉንፋን ቢኖርበት ሁለቱ ቫይረሶች ተዳቅለው ከሰው ወደ ሰው በቀላሉ የሚሄድ አዲስ በሽታ ሊወልዱ ይችላሉ። ኅዳር 12 ቀን ቆሻሻ ሰብስበን የምናጥነው የኅዳር በሽታ መታሰቢያ ነው። ያ በሽታ በ1911 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ብቻ ወደ 10,000 ሰው እንደ ፈጀ ይገመታል፤ የቫይረሱም ዘር ከአእዋፍ እንደሚመዘዝ ሊቃውንት ደርሰውበታል።

ነገሩ ሩቅ አይደለም። በ1998 ዓ.ም. በጅቡቲ አንዲት የ2 ዓመት ሕፃን በወፍ ጉንፋን ተይዛ ተገኝታለች። ከኮምቦልቻ ወደ ጅቡቲ መኪና በየቀኑ ይመላለሳል፤ ሐይቅ ላይም ከሩቅ አገር የሚመጡ የውሃ ወፎች ያርፋሉ።

እንግዲህ ዶሮ በድንገት ቢሞትባችሁ፦

1ኛ/ የታመመችውን አትረዱ፣ አትሽጡ፤ የሞተችውን ለውሻ ወይም ወደ ወንዝ አትጣሉ።

2ኛ/ ሳትቀብሩ በዚያው ቀን ለልማት ሠራተኛው ወይም ለእንስሳት ሐኪሙ ንገሩ።

3ኛ/ በባዶ እጅ አትንኩ። እጃችሁን በፌስታል፣ አፍና አፍንጫችሁን በጨርቅ ሸፍኑ፤ ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍራችሁ ቅበሩ፤ ከዚያም በሳሙና ታጠቡ። ልጆች አይቅረቡ።

4ኛ/ የተረፉትን ዝጉባቸው፤ ከገበያ የገዛችሁትን አዲስ ዶሮ 2 ሳምንት ለብቻው አቆዩ። ዶሮ ሰው ከሚተኛበት ቤት ይለይ።

5ኛ/ ጤነኛ ዶሮ በደንብ ከበሰለ አያሰጋም፤ እሳት ቫይረሱን ይገድላል። እንቁላልም ሳይበስል አይበላ። በ2024 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ቫይረሱ በአሜሪካ በሚታለቡ ላሞች ላይ ስለ ተገኘ ወተትም አፍልታችሁ ጠጡ።

6ኛ/ ዶሮ ከሞተበት ቤት ትኩሳትና ሳል የያዘው ሰው ቢኖር ጤና ጣቢያ ሄዶ የዶሮውን ነገር ጭምር ይንገር።

ለእናንተ ለልማት ሠራተኞችም አንድ ቃል አለኝ። በ1998 ዓ.ም. በጉራጌ አገር በጉብሬ ዶሮ ማርቢያ ብዙ ዶሮ ሲሞት የወፍ ጉንፋን ነው ተብሎ ተፈራ፤ ሲመረመር ግን አልነበረም። ስለዚህ ኮምቦልቻ ያለው የእንስሳት በሽታ ምርመራ ላቦራቶሪ ሳያረጋግጥ የበሽታውን ስም አትጥሩ፤ ወሬ የድሀውን ገበያ ይገድላል። ነገር ግን ናሙና ለማስላክ አንድ ቀንም አትዘግዩ። የፈንግል ክትባትንም ከክረምት በፊት አዳርሱ። ፈንግል በየዓመቱ በሚፈጅበት መንደር የዶሮ እልቂት ይለመዳል፤ የተለመደውን ደግሞ ማንም አይናገረውም፤ ክፉው በሽታ ሲመጣም ሳይታወቅ ያልፋል።

እናቶች ሆይ፤ የሁለት ዶሮ ዋጋ መቅረቱ እንደሚያሳምም አውቃለሁ። ነገር ግን ዶሮ በጫጩት ይተካል፤ ልጅ አይተካም።

ፈጣሪ ቤታችሁንና ሀብታችሁን ይጠብቅ።