እርቁ የማን ነው? በአካል ጉዳት ወንጀል ተከሳሽና ተበዳይ ሲታረቁ



ዛሬ የማነሣው ጉዳይ በየፍርድ ቤቱ ደጃፍ ዕለት ዕለት የሚታይ ነው። አንዱ ሌላውን ይመታል፤ ፖሊስ መዝገብ ይከፍታል፤ ሽማግሌዎች ይገባሉ፤ ተበዳይም በቀጠሮው ቀን ቀርቦ «ታርቀናል» ይላል። ይህ ቃል በሕጋችን ምን ውጤት አለው? ሊኖረው የሚገባውስ እስከ ምን ድረስ ነው?

ሕጋችን ለእርቅ በሩን ዘግቶ አያውቅም። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 223 አጥቢያ ዳኛ ስድብን፣ የእጅ እልፊትንና መጠነኛ የንብረት ጉዳትን በስምምነት እንዲጨርስ አዝዞ ነበር። በግል ክስ ረገድም ዳኛው ክሱን ከማንበቡ በፊት ወገኖቹን ለማስታረቅ እንዲሞክር፣ እርቅ ከወረደም ተመዝግቦ እንደ ፍርድ እንዲቆጠር ደንግጓል።

የ1996ቱ የወንጀል ሕግ ደግሞ ድርጊቶቹን በክብደታቸው ይለያል። በአንቀጽ 560 የተመለከተው የእጅ እልፊትና በአንቀጽ 556 ንዑስ አንቀጽ 1 የተመለከተው ቀላል የአካል ጉዳት የሚያስቀጡት ተበዳዩ አቤቱታ ሲያቀርብ ነው። በአንቀጽ 555 የተደነገገው ከባድ የአካል ጉዳት ግን እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ሊያስቀጣ ይችላል፤ ክሱም የተበዳዩ ሳይሆን የሕዝብ ነው። እዚህ ላይ እርቅ ክስን አያስቀርም። ከንቱ ነው ማለት ግን አይደለም፤ ከልብ የተጸጸተና ጉዳቱን በተቻለው መጠን የካሰ ሰው በአንቀጽ 82 መሠረት ቅጣቱ ሊቀልለት ይችላል።

በተግባር ይህ ድንበር ይደበዝዛል። ሽማግሌ አንቀጽ አይቆጥርም፤ በጥፊ የመታውንም አጥንት የሰበረውንም ያስታርቃል። ዓላማው ቤተሰብ ከቤተሰብ ደም እንዳይፈላለግ ነው፤ ታስሮ የሚፈታውም ሰው ተመልሶ የሚኖረው በዚያው መንደር ነውና ይህን ጥበብ የሚንቅ የሕግ ሰው አገሩን አያውቅም። ነገር ግን ከእርቁ በኋላ ምስክሮች ያዩትን «አላየንም» ሲሉ፣ ሕግ የሕዝብ ያለው ክስ በጓሮ በር የግል ይሆናል።

ከሁሉ የሚከብደው በትዳር ውስጥ የሚፈጸመው ድብደባ ነው። አንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ላይ የሚፈጸምን የኃይል ድርጊት በእነዚሁ የአካል ጉዳት ድንጋጌዎች እንዲያስቀጣ ያደርጋል። ስለዚህ ጉዳቱ ቀላል ከሆነ ነገሩ የሚቆመው በሚስቲቱ አቤቱታ ላይ ነው። እንግዲህ በባሏ ገቢ የምትተዳደር፣ ልጆች ያሏት ሴት በሽማግሌዎች ፊት ተቀምጣ «ይቅር በይ» ስትባል እናስብ። እምቢ ብትል «ሽማግሌ ረገጠች» ትባላለች፤ የምትገባበት ቤትም የላትም። አንገቷን ደፍታ «እሺ» ብትል እርቅ ወረደ እንላለን? የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም።

የእኔ አቋም ይህ ነው፦ እርቅ የሚጸናው ተበዳይ እምቢ ማለት ይችል በነበረበት መጠን ብቻ ነው። ስለዚህ ዳኛ «ታርቃችኋል?» ብሎ መዝገብ መዝጋት አይገባውም። ተበዳዩን ተከሳሹና ሽማግሌዎቹ በሌሉበት ያነጋግር። ካሳው በማን እጅ እንደገባ ይጠይቅ፤ ጉዳቱ የአንድ ሰው ሆኖ ሳለ ገንዘቡ የቤተሰብ ሲሆን እናያለንና። ድርጊቱ የመጀመሪያ መሆን አለመሆኑንም ያጣራ፤ በየዓመቱ የሚታደስ እርቅ የሚመታውን ሰው ፈቃድ ሰጪ ያደርገዋል። ዐቃቤ ሕግም ጉዳቱ ከባድ በሆነ ጊዜ የምስክሮችን ቃል እርቅ ሳይቀድመው ያሰባስብ።

ይህ ሁሉ ሽምግልናን አያዳክምም። እንዲያውም ሽማግሌ የሚከበረው በፊቱ የተቀመጠው ደካማ ወገን ያለ ፍርሃት ሲናገር ነው። እናንተ ተማሪዎቼ ነገ በችሎት ወንበር ስትቀመጡ «ታርቀናል» የሚለውን ቃል ስትሰሙ፣ ከመመዝገባችሁ በፊት የተናገረውን ሰው ፊት ተመልከቱ።