በሩ እስኪከፈት የጠበቀው ተጫዋች
(የስፖርት ክበብ አባሎች በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ ያሰሙት ንግግር)



ስለ አንድ ስፖርተኛ እንድንናገር በታዘዝን ጊዜ ብዙዎቻችሁ የአበበ ቢቂላን ስም እንደምንጠራ ሳትጠብቁ አልቀራችሁም። የአበበን ታሪክ ግን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ስለዚህ በአገራችን ስሙ እምብዛም ያልተሰማውን አሜሪካዊውን ኬኒ ዋሽንግተንን ልናስተዋውቃችሁ ወደድን። የምንጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አስቀድመን ስለ ጨዋታው ጥቂት እንበል። አሜሪካኖች ፉትቦል የሚሉት እኛ እግር ኳስ የምንለውን አይደለም። ኳሱ እንደ እንቁላል ሞላላ ነው፤ በእጅ ይያዛል፣ ይወረወራል፣ ታቅፈውትም ይሮጣሉ። በየወገኑ 11 ሰዎች ይሰለፋሉ። ኳስ የያዘው ወገን በአራት ሙከራ 10 ያርድ፣ ማለት 9 ሜትር ያህል፣ ወደ ፊት መግፋት አለበት። ተቃራኒዎቹም ሯጩን ይዘው ከመሬት ይጥሉታል። ስለዚህ ፍጥነትን ከጉልበትና ከድፍረት ጋራ ያላስተባበረ ሰው አይዘልቅበትም።

ኬኒ ዋሽንግተን በነሐሴ 1918 በሎስ አንጀለስ ከተማ ተወለደ። ያደገውም የጣሊያን ስደተኞች በሚበዙበት ሊንከን ሃይትስ በተባለው ሰፈር፣ በአያቱና በአጎቱ እጅ ነው። ከዚያም በሎስ አንጀለስ ወዳለው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ 13 ቁጥር ለብሶ ተጫወተ። በ1939 የጨዋታ ዘመን ቡድኑ ከተጫወተው 600 ደቂቃ ውስጥ 580ውን እርሱ ከሜዳ አልወጣም። በዚያው ዓመት በሩጫና በውርወራ ባስገኘው ርቀት ከአገሩ የኮሌጅ ተጫዋቾች ሁሉ አንደኛ ሆነ። ከጎኑ ከተሰለፉት መካከል ዉዲ ስትሮድና ጃኪ ሮቢንሰን ይገኙ ነበር፤ ሮቢንሰን በኋላ በ1947 በቤዝቦል ታላቁ ሊግ ውስጥ የቀለምን አጥር ያፈረሰው ነው።

እንግዲህ እንዲህ ያለው ተጫዋች ትምህርቱን ሲፈጽም የትኛው ክለብ ወሰደው ብላችሁ ትጠይቁ ይሆናል። አንድም የወሰደው አልነበረም። ከ1934 እስከ 1945 ድረስ በብሔራዊው የፉትቦል ሊግ ውስጥ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልተሰለፈም። ይህን የሚያዝ የተጻፈ ሕግ አልነበረም፤ ያልተጻፈው ግን ይበቃ ነበር። ኬኒም በፓሲፊክ ውቅያኖስ ዳርቻ በነበረው አነስተኛ ሊግ፣ ሆሊዉድ ቤርስ ለተባለው ቡድን ይጫወት ጀመር። ዓመቶቹም አለፉ፣ ጉልበቶቹም እየተጎዱ ሄዱ።

በ1946 የክሊቭላንዱ ራምስ ክለብ ወደ ሎስ አንጀለስ ለመዛወር ፈለገ፤ ሊጫወትበት ያሰበውም ኮሊሲየም የተባለው ታላቁ ስታዲዮም ነበር። ስታዲዮሙ የሕዝብ ንብረት ነው። ያን ጊዜ ሃሊ ሃርዲንግ የተባለ ጥቁር ጋዜጠኛ በስታዲዮሙ አስተዳዳሪዎች ስብሰባ ላይ ተነሥቶ፣ ጥቁሩም ነጩም ግብር በሚከፍልበት ሜዳ ጥቁሩን የሚያገል ቡድን ሊጫወት እንደማይገባ ተከራከረ። ባልደረቦቹም በጋዜጦቻቸው ነገሩን ገፉበት። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር እንደሚባለው፣ በመጋቢት 1946 ራምስ ከኬኒ ዋሽንግተን ጋራ ተዋዋለ፤ ከጥቂት ጊዜም በኋላ ዉዲ ስትሮድን ጨመረ። ይኸው ስትሮድ በኋላ ወደ ሲኒማ ገብቶ፣ በ1960 በወጣው «ስፓርታከስ» ፊልም ድራባ የተባለውን ኢትዮጵያዊ ተፋላሚ ሆኖ ሠርቷል።

ኬኒ ሊጉን ሲገባ 27 ዓመቱ ነበር፤ ጉልበቶቹም ቢሆኑ የቀድሞዎቹ አልነበሩም። እንደዚያም ሆኖ በ1947 ኳሱን 60 ጊዜ ይዞ ሮጦ 444 ያርድ አገኘ፤ በያንዳንዱ ሩጫ በአማካይ 7.4 ያርድ ማለት ነው። በዚህም ከሊጉ አንደኛ ሆነ። በዚያው ዓመት ከቺካጎ ካርዲናልስ ጋራ ሲጫወቱ ባንድ ትንፋሽ 92 ያርድ፣ ማለት 84 ሜትር ያህል ሮጦ ነጥብ አስቆጠረ። በ1948 ግን ጉልበቶቹ እምቢ ስላሉት ጨዋታውን ተወ። ያገለገለው ሦስት ዓመት ብቻ ነው። በ1956 በኮሌጅ ፉትቦል የክብር መዝገብ ውስጥ ስሙ ገባ፤ በ1971 በ52 ዓመቱ ዐረፈ። ዩኒቨርሲቲውም 13 ቁጥርን ለርሱ መታሰቢያ አስቀምጦ ሌላ እንዳይለብሰው አደረገ።

ውድ ጓደኞቻችን፤ ይህን ታሪክ ስናነብ መጀመሪያ ያደነቅነው ትዕግሥቱን ነበር። እርስ በርሳችን ስንከራከርበት ግን ሌላ ነገር ተገለጠልን። በሩን የከፈተው ትዕግሥቱ ብቻ አይደለም፤ ስለ ሌላው ሰው መብት በስብሰባ መካከል የተናገሩም ሰዎች ናቸው። ቢከፈትም ያለፉት ስድስት ዓመቶች አልተመለሱለትም።

እኛም ራሳችንን እንድንመረምር ግድ ሆነብን። ባለፈው ዓመት ከገጠር የመጣ አንድ ተማሪ ጨዋታ እንደሚችል እያየን፣ አንድ ሙሉ ወሰነ ትምህርት ከሜዳ የወጣ ኳስ ሲያቀብለን ኖረ። አትጫወትም ያለው ማንም የለም፤ ግባ ያለውም አልነበረም። የኛም ሕግ ያልተጻፈ ነበርና። ይህ ልጅ ዘንድሮ በክፍላችን ቡድን ውስጥ ተሰልፏል። ያለፈውን ጊዜ ግን ልንመልስለት አልቻልንም፤ በፊታችሁም ይቅርታ እንጠይቀዋለን።

ስለዚህ በዚህ የበዓል ቀን የምንለምናችሁ አንድ ነገር ነው። በሜዳም ሆነ በክፍል ዳር የቆመ ጓደኛ ስታዩ እስኪጠይቃችሁ አትጠብቁ፤ እናንተ ጥሩት።