ይግባኝና እግድ፦ ፍርዱ ሲሰጥ ባለጉዳዩ የት ይገኛል?



የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችንን የተማረ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ይግባኝ ማቅረብ ብቻውን የፍርድ አፈጻጸምን አያስቆምም፤ አፈጻጸሙ የሚቆመው እግድ ተጠይቆ ፍርድ ቤት ሲፈቅድ ነው። ክርክሩ ስለ ገንዘብ ሲሆን ደንቡ ብዙም አያስቸግርም፤ በስሕተት የተወሰደ ገንዘብ ይመለሳልና። ይኸው ደንብ ጥገኝነት ተከልክሎ ከሀገር እንዲወጣ በተወሰነበት ሰው ላይ ሲሠራ ግን ምን ይከተላል? ዛሬ የማነሣው ጥያቄ ይህ ነው።

እ.ኤ.አ. በ2005 አንድ ኤርትራዊ በፓሪስ ሻርል ደ ጎል አውሮፕላን ማረፊያ ጥገኝነት ጠየቀ። ጉዳዩን የመረመረው የስደተኞች መሥሪያ ቤት አሉታዊ አስተያየት በመስጠቱ ወደ ሀገሪቱ እንዳይገባ ተከለከለ። ለአስተዳደር ፍርድ ቤት ያቀረበው አስቸኳይ አቤቱታም ውድቅ ሆነ፤ ሕጉም አቤቱታ በመቅረቡ ብቻ መባረሩን አያግድም ነበር። ከመመለስ ያዳነው በስትራስቡርግ የሚገኘው የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት የሰጠው ጊዜያዊ ትእዛዝ ነው። በዚያው ዓመት፣ አስቀድሞ አሉታዊ አስተያየት የሰጠው መሥሪያ ቤት ራሱ ስደተኛነቱን አጸደቀለት።

ፍርድ ቤቱ ኤፕሪል 26 ቀን 2007 በሰጠው ውሳኔ፣ በድንበር ላይ ያለ ጥገኝነት ጠያቂ አፈጻጸሙን በራሱ የሚያግድ ይግባኝ ካላገኘ ውጤታማ መፍትሔ የማግኘት መብቱ እንደ ተጣሰ ደነገገ። ፈረንሳይም በዚያው ዓመት ኅዳር ወር ሕጓን አሻሽላ፣ በ48 ሰዓት ውስጥ የቀረበ ይግባኝ መባረሩን እንዲያግድ፣ ዳኛውም በ72 ሰዓት ውስጥ እንዲወስን አደረገች።

አሜሪካ የተጓዘችው በተቃራኒው መንገድ ነው። በ1996 የወጣው ሕግ በፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤቶች ቀድሞ የነበረውን ቀጥተኛ እግድ ሻረ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ2009 ኤንከን በሆልደር ላይ ባቀረበው ክስ፣ እግድ የሚሰጠው በዋናነት የይግባኙ የማሸነፍ ዕድልና የማይጠገን ጉዳት ተመዝኖ እንደ ሆነ ወሰነ። ከሀገር መውጣት ብቻውን የማይጠገን ጉዳት አይደለም ሲልም፣ በይግባኝ የረታ ሰው እንዲመለስ ይደረጋል በሚለው የመንግሥት መግለጫ ላይ ተመርኩዞ ነበር። ሦስት ዓመት ቆይቶ የመንግሥቱ ጠበቆች ያ መግለጫ አሠራሩን በትክክል እንዳላሳየ ለፍርድ ቤቱ በደብዳቤ አሳወቁ። ስለዚህ አንድ ታላቅ የሕግ መርሕ ባልተረጋገጠ ፍሬ ነገር ላይ ቆሞ ነበር ማለት ነው።

ቀጥተኛ እግድ ጊዜ ለመግዛት ብቻ የሚቀርብ ይግባኝን ያበረታታል የሚል ክርክር አለ። ስጋቱ መሠረት የለውም አልልም። ይሁን እንጂ የፈረንሳዩ ማሻሻያ መልሱን ይጠቁመናል፤ መዘግየት የሚታረመው ዳኛው ፈጥኖ እንዲወስን በማድረግ እንጂ ባለጉዳዩን ከፍርዱ በፊት በማስወጣት አይደለም። የመዘግየቱን ዋጋ መንግሥት ቢከፍል ኪሳራው የቀናት ወይም የወራት ነው፤ ጥገኝነት ጠያቂው ቢከፍል ግን ነጻነቱን፣ ምናልባትም ሕይወቱን ያጣል።

ወደ ፊት ከእናንተ መካከል በዳኝነት ወንበር የሚቀመጥ፣ የእግድ ማመልከቻ ሲቀርብለት አስቀድሞ ይህን ይጠይቅ፦ ነገ ለይግባኝ ባዩ ብፈርድለት፣ ፍርዴ የት ያገኘዋል?