ቁጥር ስም ሲሆን

ዛሬ ስለ አንድ የ1970ዎቹ አጠራር እናወራለን፦ አምባ 14፣ መገሌ 32።

በ1977ቱ ረሃብ የደርግ መንግሥት ብዙ ሺህ ወገኖችን ከወሎ ወደ አሶሳ አሰፈረ። ወዶ የመጣ ነበር፤ ተገዶ የመጣም ነበር። በዕቅድ የተቆረቆሩት መንደሮች በቁጥር ተለዩ። በወሎ አምባ ማለት አናቱ ሜዳ የሆነ ገደላማ ተራራ ነው፤ እዚህ አሶሳ ግን የሰፈራ መንደር መጠሪያ ሆነ።

መሬቱ ግን ባዶ አልነበረም። የበርታ ሕዝብ ያርሰው፣ በቋንቋውም ይጠራው ነበር። ይህን ሳይናገሩ ማለፍ ተገቢ አይመስለኝም።

ሱዳን ድንበር ላይ ያለችው ኩርሙክ በነባር ስሟ ቀረች። አምባ 14 ደግሞ ዛሬ የቀበሌ ስም ነው፤ እዚያ ለተወለደ ልጅ ቁጥሩ አገሩ ነው።