የሕንድ ፀሐይ ለማን ትወጣለች?

(በተማሪዎች ማኅበር የዓርብ ምሽት ስብሰባ ላይ የተነበበ ንግግር)



ባለፈው ጊዜ በዚሁ አዳራሽ ስለ ኤሌክትሪክ ኃይል ክርክር ሲደረግ፣ ከኋላ ወንበር አንድ ድምፅ «ይህን ያህል ፀሐይ ያለው አገር ስለ ምን በጨለማ ይኖራል?» ብሎ እንደ ጠየቀና ሁላችንም እንዳጨበጨብን ታስታውሳላችሁ። ጭብጨባው ግን መልስ አልነበረም። ከዚያ ወዲህ አራት ሆነን፣ ሁለታችን ከኢንጂነሪንግ፣ አንዳችን ከኤኮኖሚክስ፣ አንዳችን ከሕግ፣ መልሱን ስንፈልግ ሰነበትን። መብራት እየጠፋብን የጽሑፋችንን እኩሌታ በሻማ መጻፋችንን ስንነግራችሁ ትስቁ ይሆናል፤ እኛም ስቀናል።

ለምርመራችን የመረጥነው ሕንድ አገርን ነው። ምርጫው ያለ ምክንያት አይደለም። ብዙዎቹ አባቶቻችንና አያቶቻችን በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሒሳብና ፊዚክስ የተማሩት ከሕንድ መምህራን ነበርና ስለዚያ አገር የሚወራው ወሬ በየቤታችን እንግዳ አይደለም። ከዚህም በላይ ሕንድ ሰፊ ናት፤ ሕዝቧ ብዙ ነው፤ ፀሐይዋም እንደ እኛ ፀሐይ የጠነከረች ናት። የአውሮጳን ምሳሌ ብናመጣ «እነሱማ ሀብታሞች ናቸው» ተብለን በተቀመጥን ነበር። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናሳውቃለን።

በመጀመሪያ ስለ ሀብቱ። የሕንድ የቆዳ ስፋት 3.3 ሚሊዮን ካሬ ኪሎሜትር ያህል ነው። በአብዛኛው የአገሩ ክፍል በእያንዳንዱ ካሬ ሜትር ላይ በየቀኑ ከ4 እስከ 7 ኪሎዋት ሰዓት የሚሆን የፀሐይ ኃይል ይወርዳል። በዓመት ሲደመር 5 ሺህ ትሪሊዮን ኪሎዋት ሰዓት ገደማ ይሆናል። ይህን ያህል ዜሮ ሰሌዳ ላይ ብንጽፈው አይን ከማፍዘዝ በቀር ጥቅም የለውም፤ ስለዚህ አንድ ካሬ ሜትር ብቻ እንውሰድ። የሲሊኮን ሰሌዳ ከሚቀበለው ብርሃን ወደ ኤሌክትሪክ የሚለውጠው አንድ አምስተኛውን ያህል ነው። 5 ኪሎዋት ሰዓት ከወረደበት አንዱን ይሰጠናል ማለት ነው። ይህም ባለ 10 ዋት አምፑል ለ100 ሰዓት ያበራል። እንግዲህ ከአንድ የመኝታ አልጋ ባነሰ ቦታ፣ በአንድ ቀን፣ ለብዙ ሌሊት የሚበቃ የንባብ ብርሃን ይገኛል። ነዳጅ የለው፣ ጭስ የለው።

እኛም እዚህ ላይ ደርሰን «ነገሩ አለቀ፤ ፀሐይ ነፃ ናት» ብለን ነበር። የኤኮኖሚክሱ ወንድማችን ግን አንድ ጥያቄ አነሣብን። የድንጋይ ከሰል የሚያነድ ሰው ከሰሉን የሚገዛው ሲያነድ ነው፤ ዛሬ ጥቂት፣ ነገ ጥቂት። የፀሐይ ማመንጫ የሚተክል ሰው ግን የ25 ዓመቱን ኃይል በአንድ ቀን ይገዛል። ሰሌዳውን፣ ብረቱን፣ መዳቡን፣ ሽቦውን በመጀመሪያው ዓመት መክፈል አለበት፤ ገንዘቡንም የሚያገኘው ከባንክ በወለድ ነው። እንግዲያውስ የፀሐይ ኤሌክትሪክ ዋጋ የሚወሰነው በሰማይ ብቻ ሳይሆን በባንክ ቤት መስኮትም ነው ማለት ነው። ያበዳሪው እምነት የጎደለበት ድሃ አገር በዚያው ፀሐይ የሚያገኘው ኤሌክትሪክ ይወደድበታል። ይህን ነገር ከዚያ በፊት አላሰብንበትም ነበር።

ሕንዶች ይህን ችግር እንዴት ተወጡት? በጥር ወር 2010 መንግሥታቸው በጃዋሃርላል ኔህሩ ስም የተጠራውን ብሔራዊ የፀሐይ ዘመቻ ሲጀምር በመላው አገሩ ከዋናው መሥመር ጋር የተያያዘው የፀሐይ ኃይል ጥቂት ሜጋዋት ብቻ ነበር። የታሰበው እስከ 2022 ድረስ 20 ሺህ ሜጋዋት ለማድረስ ነው። በዚያን ጊዜ በጨረታ የቀረበው ዋጋ ለአንድ ኪሎዋት ሰዓት ከ10 ሩፒ በላይ ነበር። መንግሥት ግን ሦስት ነገር አደረገ፤ ለ25 ዓመት የሚጸና የግዢ ውል ሰጠ፤ መሬቱንና የማስተላለፊያውን መሥመር አስቀድሞ አዘጋጀ፤ ከዚያም ነጋዴዎቹ በግልጽ ጨረታ እርስ በርሳቸው እንዲወዳደሩ ለቀቃቸው። በዚያው ጊዜ የቻይና ፋብሪካዎች የሰሌዳውን ዋጋ አወረዱት። በግንቦት 2017 በራጃስታን የወጣው ጨረታ በ2.44 ሩፒ ተዘጋ፤ በታኅሣሥ 2020 ደግሞ በጉጃራት 1.99 ሩፒ ተሰማ። ከአዲስ የከሰል ማመንጫ የረከሰ መሆኑ ነው። በ2015 እቅዱ ወደ 100 ሺህ ሜጋዋት ከፍ ተደርጎ ነበር፤ በተባለው ዓመት በ2022 አልተደረሰበትም፤ የተደረሰው ዘግይቶ በጥር 2025 ነው። በየሰው ጣሪያ ላይ ይተከላል ከተባለው 40 ሺህ ሜጋዋት ግን በ2022 ሲሶው እንኳ አልተሞላም ነበር። ይህን ልብ በሉት። ለትልቁ ነጋዴ የተዘጋጀው ክፍል ሮጦ፣ ለባለ ጣሪያው የታሰበው ወደ ኋላ ቀርቷል። መንግሥቱ ራሱ ይህን አይቶ ይመስላል በ2024 ለ10 ሚሊዮን ቤቶች ጣሪያ ድጎማ የሚሰጥ ሌላ እቅድ ያወጣው።

አሁን ወደ ብሃድላ እንሂድ። ብሃድላ በታር በረሃ፣ ከጆድፑር ከተማ በስተሰሜን የሚገኝ ስፍራ ነው። በበጋ ሙቀቱ ከ45 ዲግሪ ያልፋል፤ የአሸዋ አውሎ ነፋስ አለ። በዚህ ስፍራ 5,700 ሄክታር በሚሆን መሬት ላይ፣ በአያቶቻችን መለኪያ 140 ጋሻ ያህል መሆኑ ነው፣ 2,245 ሜጋዋት የሚሰጥ የፀሐይ ማመንጫ ተተክሏል። ከመካከላችን ያሉት የኢንጂነሪንግ ተማሪዎች ስለዚህ ስፍራ ሲያነቡ እንቅልፍ አጥተዋል። ብዙ ሰው ሙቀት በበዛ ቁጥር ኤሌክትሪኩ የሚበዛ ይመስለዋል። ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። ሰሌዳው የሚፈልገው ብርሃን እንጂ ሙቀት አይደለም። ከ25 ዲግሪ በላይ ሰሌዳው በጋለ በእያንዳንዱ ዲግሪ ጉልበቱ በመቶ 0.4 ያህል ይቀንሳል፤ በበረሃ ቀትር ላይ የሰሌዳው ሙቀት 65 ቢደርስ ከመቶ 16 እጁ ጠፋ ማለት ነው። ስለዚህ ለፀሐይ ማመንጫ የሚሻለው ብርሃን የበዛበት ቀዝቃዛ ደጋ ነው። ደጋ ያለው አገር ማን እንደ ሆነ ለእናንተ መንገር አያሻም።

ሌላው ጠላት አቧራ ነው። አቧራውን በውሃ ማጠብ ይቻላል፤ ነገር ግን በታር በረሃ ውሃ ከየት ይመጣል? ሰውና ከብት የሚጠጣውን መስተዋት ያጠጡት? በብሃድላ በብዙው ክፍል ያለ ውሃ በብሩሽ የሚጠርጉ ሮቦቶች ተሠርተው ሌሊት ሌሊት በሰሌዳዎቹ ላይ ይሄዳሉ። ይህ የሚያስመሰግን ብልኃት ነው።

የሆነ ሆኖ ስለ ብሃድላ በተጻፈው ሁሉ ውስጥ አንድ ቃል ይደጋገማል፤ «ባዶ መሬት» የሚል። ከአራታችን የሕጉ ተማሪ የአርብቶ አደር ልጅ ነው። ቃሉን ስናነብለት ሳቀ። «ከብት ያልታየበት ጊዜ የተነሣ ፎቶግራፍ ነው» አለ። እኛም ወደ ነገሩ ጠለቅ ብለን ስንገባ እርሱ ያለው ሆኖ አገኘነው። በራጃስታን ኦራን የሚባሉ፣ መንደሩ በጋራ የሚጠብቃቸው፣ ለአማልክት የተሰጡ ናቸው ተብለው ዛፋቸው የማይቆረጥ የግጦሽ ስፍራዎች አሉ። በመንግሥት መዝገብ ግን ብዙዎቹ የተጻፉት «ጠፍ መሬት» ተብለው ነው። በመዝገብ ጠፍ የተባለ መሬት ለኩባንያ ሲሰጥ የሚጮኸው እረኛው ነው፤ እረኛው ደግሞ የይዞታ ወረቀት የለውም። ኼጅሪ የሚባለው የበረሃ ዛፍ ለፀሐይ ማመንጫ ሲቆረጥም በቅርቡ ዓመታት ብዙ ተቃውሞ ተነሥቷል። የዚያ አገር ሰው ስለ ዛፉ ያለው ስሜት የዛሬ አይደለም፤ በ1730 ኼጅራሊ በምትባል መንደር ቢሽኖይ የሚባሉት ወገኖች ዛፎቹን እየተጠመጠሙባቸው 363 ሰዎች እንደ ተገደሉ ይነገራል። ዛሬ ዛፉን የሚቆርጠው ንጉሥ ሳይሆን ለዓለም ንጹሕ አየር የሚታገል ኩባንያ መሆኑ ነገሩን ለመፍረድ አስቸጋሪ ያደርገዋል።

ሁሉም ቦታ ግን እንደዚህ አልተሠራም። በደቡብ፣ በካርናታካ ክፍለ ሀገር፣ ድርቅ በሚደጋገምበት በፓቫጋዳ፣ መንግሥት መሬቱን አልገዛም፤ አልወረሰምም። ከአምስት መንደሮች 2,300 ያህል ገበሬዎች 13 ሺህ ኤከር ተከራየ። ኪራዩ በመጀመሪያ ለአንድ ኤከር በዓመት 21 ሺህ ሩፒ ሲሆን በየሁለት ዓመቱ በመቶ 5 ይጨምራል። መሬቱ የገበሬው እንደ ሆነ ይኖራል። በ2019 መጨረሻ 2,050 ሜጋዋት ቆመ። ዝናብ ቢዘንብም ባይዘንብም ገንዘብ የሚያገኝ ገበሬ፣ ምን ጎደለው? ብለን ነበር። ነገር ግን ይህም ጎደሎ አለው። ኪራዩን የሚያገኘው ባለ መሬቱ ነው። በሰው እርሻ ላይ በቀን ሥራ ሲያርም፣ ሲያጭድ የነበረው መሬት የሌለው ሰውስ? የሚታረም እርሻ የለም፤ የሚጠበቅ ፍየልም የሚሰማራበት የለም። ለጥቂቶች የጥበቃና ሣር የማጨድ ሥራ ተገኘ፤ የቀሩት ወደ ከተማ ሄዱ። በሰሌዳው ውስጥ ያለው ኤሌክትሪክም ሽቦውን ተከትሎ ወዲያው ወደ ከተማ ሄዷል።

ሌላም የምናርመው ነገር አለ። በጋዜጣ ላይ «ሕንድ ከኤሌክትሪክ ኃይሏ እኩሌታውን ከከሰል፣ ከዘይትና ከጋዝ ውጪ አደረገች» የሚል ወሬ አንብባችሁ ይሆናል። ይህ በሰኔ 2025 የተደረሰበት ነው፤ ሐሰትም አይደለም። ነገር ግን የተቆጠረው የተተከለው መኪና አቅም እንጂ የሚመነጨው ኃይል አይደለም። የፀሐይ ማመንጫ ሌሊት ይተኛል፤ በዓመት ውስጥ ከሙሉ አቅሙ የሚሠራው አንድ አምስተኛውን ያህል ነው። በመሥመሩ ውስጥ ከሚያልፈው ኃይል በ2024 ሦስት አራተኛ ያህሉ አሁንም ከከሰል የመጣ ነበር። በግንቦት 30 ቀን 2024 የሕንድ ሕዝብ በአንድ ጊዜ የፈለገው ኃይል 250 ሺህ ሜጋዋት ደርሶ ነበር፤ ቀን ቀን ፀሐይ ትረዳለች፤ ማታ ሁሉም ቤቱ ገብቶ ማራገቢያውን ሲከፍት ግን ፀሐይ ሄዳለች። ባትሪ መድኃኒቱ ነው፤ ዋጋውም እየወረደ ነው፤ በዚህ ላይ ጊዜ አናጠፋም።

እንደዚሁም በሚያዝያ 2018 «በሕንድ መብራት ያልገባበት መንደር የለም» ተብሎ ታወጀ። የመጨረሻዋ በማኒፑር የምትገኝ ሌይሳንግ የምትባል መንደር ነበረች። ነገር ግን በእነርሱ ደንብ ከመቶ 10 ቤት መብራት ከገባ መንደሩ መብራት ገባለት ይባላል። ዘጠና ቤት በጨለማ ተቀምጦ ደስታውን በሬዲዮ የሚሰማ መንደር አስቡ፤ ያውም ሬዲዮው ባትሪ ካለው።

አሁን ደግሞ ልባችንን ያሞቀውን እንንገራችሁ። እዚያው ራጃስታን ውስጥ ቲሎኒያ በምትባል መንደር በ1972 ባንከር ሮይ የተባለ ሰው ያቋቋመው ትምህርት ቤት አለ። ከዚያ የሚገቡት እንደ እኛ ማትሪክ ያለፉ አይደሉም። ማንበብና መጻፍ የማያውቁ የገጠር እናቶችና አያቶች ናቸው፤ ከአፍሪካም ብዙዎች ሄደዋል። ቋንቋ ሳይግባቡ፣ በቀለምና በእጅ ምልክት፣ በስድስት ወር ውስጥ የፀሐይ መብራት መግጠምና መጠገን ይማራሉ። ስለ ምን አያቶችን መረጡ ቢባል፣ ወጣት ወንድ የምስክር ወረቀት ሲይዝ ወደ ከተማ ይኮበልላል፤ አያት ግን ወደ መንደሯ ትመለሳለች ብለው ነው። ይህን ባነበብን ጊዜ እርስ በርሳችን ተያይተን ዝም አልን። የምስክር ወረቀቱን ይዞ የሚኮበልለው ማን እንደ ሆነ እናውቃለንና።

ስለ አገራችን ብዙ አንልም። ኤሌክትሪካችን አብዛኛው ከውሃ ነው፤ 5,150 ሜጋዋት የሚሰጠው ታላቁ የሕዳሴ ግድብም በመስከረም 2025 ተመርቋል። ውሃና ፀሐይ ደግሞ ባላንጣዎች አይደሉም፤ ቀን ፀሐይ ስትሠራ ውሃው በግድቡ ይጠራቀማል፤ ማታ ይለቀቃል። ሕንድ በባትሪ የምትፈልገውን እኛ በሐይቅ ይዘነዋል። ዓለም አቀፍ የፀሐይ ኅብረት ተብሎ በ2015 በፓሪስ በተጀመረው፣ መቀመጫውም በሕንድ በሆነው ማኅበር አገራችን አባል ናት። ስለዚህ ነገሩ ሩቅ አይደለም።

ከዚህ በኋላ ግን እኛ አራታችን አልተስማማንም። ሁለታችን ትልልቅ ማመንጫ ይተከል፣ ፋብሪካ ያለ ርካሽ ኃይል አይቆምም አልን። ሁለታችን አይሆንም፣ አስቀድሞ የመሬቱ ነገር እንደ ፓቫጋዳ በኪራይ ይታሰር፣ መሬት የሌለውም ድርሻው ይጻፍ አልን። ክርክሩ እስከ ሌሊቱ ስድስት ሰዓት ዘለቀ። በመጨረሻ የአገሪቱን ካርታ ዘረጋንና በምሥራቁ ቆላ ላይ የብሃድላን ያህል፣ 140 ጋሻ የሚሆን አራት ማዕዘን በእርሳስ ሠራን። ያ የአርብቶ አደር ልጅ ወንድማችን እርሳሱን ተቀበለንና «እሺ፣ አሁን ደግሞ ግመሎቹ በበጋ ወደ ውሃ የሚወርዱበትን መንገድ አሥምሩልኝ» አለ። ፈለግን። በካርታው ላይ መንገዱ የለም። እርሱ ከልጅነቱ ጀምሮ የተመላለሰበትን መንገድ በገዛ እጁ ሲያሠምረው በአራት ማዕዘኑ መካከል ለመካከል አለፈ።

ካርታውን ይዘነው መጥተናል፤ እዚህ ጠረጴዛ ላይ ነው። ጥያቄ ያላችሁ ቀርባችሁ እዩት።