9 አሚኖ አሲድ፣ የአንዲት እናት ሕይወት

ሄለን፦ ዳዊት፣ «ፔፕታይድ» ሲባል ብዙዎቻችን ቶሎ ትዝ የሚለን የፊት ክሬም ነው።

ዳዊት፦ እሱም አለ፤ ፔፕታይድ አጭር የአሚኖ አሲዶች ሰንሰለት ነው። በክሬም ውስጥ የሚገባው፣ ከመዳብ ጋር የሚጣመረው ጂኤችኬ 3 አሚኖ አሲዶች ብቻ አሉት። ምጥ የሚያፋፍመው ሆርሞን ኦክሲቶሲን ደግሞ 9።

ሄለን፦ ቪንሰንት ዱ ቪኞ በቤተ ሙከራ ሠርቶት በ1955 እ.ኤ.አ. የኬሚስትሪ ኖቤልን ተሸልሞበታል።

ዳዊት፦ ዛሬ ሕፃኑ እንደተወለደ አዋላጇ 10 ዩኒት ኦክሲቶሲን እናቲቱን ትወጋታለች። ማህፀን ይኮማተራል፣ የደም ሥሮቹ ይጨመቃሉ፣ ደሙ ይገታል።

ሄለን፦ መድኃኒቱ ግን ሙቀት አይችልም፤ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ መቀመጥ አለበት። መብራት በሚቆራረጥበት ጤና ጣቢያ ይህ ትልቅ ፈተና ነው።

ዳዊት፦ ስለዚህ ለክሬሙ የምንጨነቀውን ያህል ለጤና ጣቢያው ማቀዝቀዣም እንጨነቅ። መድኃኒት እያለ እናት ደም ፈሷት መሞት የለባትም።