ስለ ጫጩት ማሞቂያ መብራት
(በትምህርት ቤቱ የምሥረታ በዓል ቀን የተደረገ ንግግር)



በዛሬው የትምህርት ቤታችን በዓል ልናገርበት የመረጥሁት ነገር ተራ ሊመስል ይችላል፤ ይኸውም ጫጩት ስለሚያሞቀው የኤሌክትሪክ አምፑል ነው። በውጭ አገር ኤሊንና እንሽላሊትን በመስተዋት ሣጥን ውስጥ አኑረው በዚሁ ዓይነት መብራት የሚያሞቁ ሰዎች አሉ። በእኛ አገር እንሽላሊት ፀሐይ ይሞቃል እንጂ አምፑል የሚገዛለት የለም። ዳሩ ግን የአንድ ቀን ጫጩትም በዚህ ረገድ ከእንሽላሊት ብዙ አይለይም። ያደገች ዶሮ የገላዋን ሙቀት በ41 ዲግሪ ገደማ ራሷ ትጠብቃለች፤ ጫጩት ግን ላባ እስኪያወጣ ድረስ ሙቀት የሚያገኘው ከእናቱ ክንፍ ሥር ነው። እናት ከሌለች ሥራው የአምፑሉ ይሆናል።

ሶዶ በዳሞታ ተራራ ሥር፣ ከባሕር ጠለል በላይ 2,000 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ስለምትገኝ ሌሊቷ ይበርዳል። ጫጩቶች በመጀመሪያው ሳምንት ከ32 እስከ 35 ዲግሪ ሙቀት ይሻሉ፤ ከዚያ በኋላ አምፑሉን ከፍ እያደረጉ በየሳምንቱ 3 ዲግሪ ያህል መቀነስ ነው። ቴርሞሜትር የሌለው ሰው ጫጩቶቹን ይመልከት። ከመብራቱ ሥር ተደራርበው ከጮሁ በርዷቸዋል፤ ከመብራቱ ሸሽተው አፋቸውን ከከፈቱ ሞቋቸዋል፤ ተበታትነው ከበሉና ከተኙ ተስማምቷቸዋል። እኔ ከቴርሞሜትሩ ይልቅ ይህን አምናለሁ።

ዋናው አደጋ እሳት ነው። ባለ 250 ዋት የማሞቂያ አምፑል ደረቅ ጭድ ላይ ቢወድቅ ጭዱን ያቀጣጥላል፤ በሣር ክዳን ቤት ውስጥ ደግሞ ጉዳቱ በጫጩቶቹ ብቻ አያበቃም፤ ቤተሰቡም ተኝቶ ሳለ ቤቱ ሊነድ ይችላል። ስለዚህ አምፑሉ በኤሌክትሪክ ሽቦው አይንጠልጠል፤ ሽቦው ሸክም ሊይዝ አልተሠራም። በብረት ሰንሰለት ከጠንካራ እንጨት ጋር ይታሰር፤ አንዱ ቢበጠስ የሚይዘው ሁለተኛ ማሰሪያም ይኑረው። የአምፑሉ መያዣ ከሸክላ የተሠራ ይሁን፤ ፕላስቲክ ይቀልጣል። ፊቱ በሽቦ መረብ ይሸፈን፤ ከጭዱም ቢያንስ 45 ሳንቲ ሜትር ይራቅ። የውሃው ዕቃ ከሥሩ አይቀመጥ፤ የጋለ መስተዋት ውሃ ሲነካው ይሰነጠቃል።

መብራት ሲጠፋስ? አንዳንድ ሰው የከሰል ምድጃ አስገብቶ በሩን ይዘጋል። ይህ ክፉ ልማድ ነው፤ የከሰል ጭስ ባይታይም በተዘጋ ክፍል ውስጥ ጫጩቱንም ሰውንም ይገድላል። ከዚህ የሚሻል ዘዴ አለ። የጅማ ዩኒቨርሲቲው ሰሎሞን ደመቀ በ2007 እ.ኤ.አ. ባወጡት ጥናት የድርቆሽ ሣጥን ለገጠር ዶሮ አርቢዎች ያለውን ተስማሚነት መርምረዋል። ይህ ሣጥን ዙሪያው በድርቆሽ ስለሚሞላ የጫጩቶቹን የራሳቸውን ሙቀት ይዞ ያቆያል፤ አምፑልም ከሰልም አይሻም። አምፑሉ ቀንና ሌሊት ቢበራ በየቀኑ 6 ኪሎዋት ሰዓት እንደሚፈጅ ስናስብ ለኪስም ይቀላል። የአየር ማስገቢያ ቀዳዳ ግን አይረሳ። ሁለትና ሦስት ጫጩት ብቻ ያለው ሰውም በዚህ ሣጥን አይተማመን፤ ሣጥኑ የሚሞቀው ጫጩቶቹ ብዙ ሲሆኑ ነውና።